ከአቡጀዲው በስተኋላ

ታኩ ስድስት ዓመት ሙሉ ከባዮስኮፕ፣ ከሚንቀሳቀስ ሥዕል ማሳያ ድንኳን ጋር፣ ስትዞር ኖራ አንድም ቀን ሥዕሉን ከፊት ለፊት አይታው አታውቅም። ወንዶቹ ማሽኑ ባለበት በኩል ይቀመጣሉ፤ ሴቶቹ በሌላ በር ገብተው ከተወጠረው አቡጀዲ በስተኋላ። ሥዕሉ በጨርቁ አልፎ እንዲታያቸው ታኩ በየጊዜው አቡጀዲውን በቅል ውሃ ታርሰዋለች። ጨዋ ሴት ከማታውቀው ወንድ ጋር ጨለማ ውስጥ ትከሻ ለትከሻ አትቀመጥም፤ ሥዕል ካማራት ከጀርባው ትየው፣ አለቀ። ይህን እንደ ጉድለት የቆጠረ ሰው አልነበረም።

የድንኳኑ ባለቤት ታናሽ ወንድሟ ሳዱ ነው። ባሏ ሞቶ የባሏ ወንድሞች ቤቱን ሲቀራመቱት «ነይ እትዬ፣ አፍ ትሆኚኛለሽ» ብሎ ወሰዳት። እውነትም አፍ ሆነች። ያኔ ሥዕሉ ይንቀሳቀሳል እንጂ አይናገርም፤ በወንዶቹ በኩል ሳዱ ራሱ ማሽኑን እያዞረ ይለፈልፋል፣ በሴቶቹ በኩል ታኩ። «ይቺ አማት ተብዬ ምን ልታደርግ ነው? እዩዋት፣ ወተቱ ውስጥ መርዝ ጨመረችበት!» ስትል ሴቶቹ ብድግ ብለው «አትጠጪው! አንቺ ልጅ፣ አትጠጪው!» እያሉ አቡጀዲውን በጡጫ ይነርቱታል። ሳትጮህ የወጣች ሴት ባዮስኮፕ ያየች አይመስላትም ነበር።

ሳዱ ደግሞ እጁ አያርፍም። በየበዓሉ ካሜራውን ወንዝ ዳር ይተክልና የሚታጠበውን፣ የሚገበያየውን፣ የሚጣላውን ሁሉ ይቀርጻል፤ በማግስቱ ማታ «ኑ፣ ራሳችሁን እዩ!» ይላል። ያን ጊዜ ድንኳኑ የሠርግ ቤት ነው። «ያ እኔ ነኝ!» ይላል አንዱ ጣቱን ቀስሮ። «አንተ፣ አፍህን እንደከፈትክ ቀረህ እኮ!» «ኧረ ጥምጣሜን እዩልኝ!» ከዚያ ሳዱ ፊልሙን ወደኋላ ያዞረዋል፤ ወንዝ የገባው ሰው በእግሩ ቀድሞ ከውሃው ይወጣና የወንዙ ዳር ደረጃ ላይ ደረቁን ይቆማል፣ የበላው ሰው ቂጣውን ከአፉ ሙሉ አድርጎ ያወጣል። ሰው በሳቅ ይፈርሳል።

ሴቶቹ ግን ሥዕሉ ውስጥ የሉም። ካሜራው ሲመጣ ተሸፋፍነው ዘወር ይላሉ። ሥዕሉ ውስጥ ራሷን የማትፈልግ ሴት ዓይኗ ሥራ ይፈታል፤ ሥራ የፈታ ዓይን ደግሞ ጥግ ጥጉን ይለቅማል። ጉዱ ሁሉ የመጣው ከዚህ ነው።

ዴቭዶህ በምትባል የወንዝ ዳር መንደር፣ በበዓሉ በሁለተኛው ቀን፣ የዘይት ጨማቂው የራጎ አንድ ልጅ ጠፋ። ሶኑ ይባላል፣ አምስት ዓመቱ ነው። ጕድጓድ ተፈተሸ፣ ወንዙ በመረብ ተጎተተ፣ የለም። የሱ የምትባለው እናቱ ድምፅዋ እስኪዘጋ ጮኸች። ከዚያ ሰው ማውራት ጀመረ፤ ልጅ የሚሰርቁ አሉ፣ ለድልድይ መሠረት የልጅ ደም ይፈልጋሉ፣ እንዲህ ነው እንዲያ ነው። አንድም ሰው የሚያውቀው ነገር አልነበረም። ግን ቁጣው ነበረ፤ የሚያርፍበት ሰው ብቻ ነው ያጣው።

በሦስተኛው ቀን ማታ ሳዱ የወንዙን ዳር ሥዕል አሳየ። ወንዶቹ እንደ ልማዳቸው የየራሳቸውን ስም እየጠሩ ሲያሽካኩ፣ በሴቶቹ በኩል እማማ ባያጃ የምትባል ሽማግሌ ከመሬት ተነሣች።

«ሶኑ! ውይ! ያ ሶኑ ነው እኮ!»

እውነትም ሶኑ ነው፤ ከጥጉ፣ ከደረጃው ሥር። ጥምጣም የጠመጠመ ሰው ጀርባውን ለካሜራው ሰጥቶ ጎንበስ አለ፣ ለልጁ ጣፋጭ ሰጠው፣ እጁን ያዘውና ደረጃውን ይዘው ወጡ። ሦስት ጊዜ ተንፍሰህ ሳትጨርስ አለፈ።

«በግራ እጁ ነው የሰጠው!» ብላ ጮኸች ታኩ።

ምን ታድርግ? ስድስት ዓመት ያየችውን ስትናገር የኖረች አፍ ናት፤ አሁንም ያየችውን ተናገረች። ግን በዚያ አገር በግራ እጁ ምግብ የሚሰጥ የለም። ግራ እጅ መጸዳጃ ነው፤ ጠላትህን እንኳ በግራህ አታጎርሰውም።

«ግራኙ!» አለች አንዷ ከጨለማው። «ዳግዱ ግራኙ ነዋ! ሌላ ማን አለ?»

ካፍ ከወጣ አፋፍ ነው። «ግራኙ፣ ግራኙ» እየተባባሉ ሴቶቹ በበራቸው ወጥተው ለባሎቻቸው፣ ለወንድሞቻቸው ነገሩ። ታኩ አቡጀዲውን ተደግፋ ቀረች።

ዳግዱን ታውቀዋለች። ከድንኳኑ በር ላይ የሸክላ ወፍና በነፋስ የሚዞር የወረቀት ተሽከርካሪ የሚሸጥ ሰው ነው። የዚያኑ ዕለት ጠዋት እንኳ «እትዬ ታኩ፣ ይህን ሁሉ ሴት በጨለማ የምታስጮሂው አንቺ ነሽ አሉ። እኔ አንዲቷን ሚስቴን ዝም ማሰኘት አቅቶኛል!» ብሎ አስቋት ነበር። ጭቃውን የሚሠራው በግራው ነው፤ ለሰው ሲሰጥ ግን ዕቃውን ወደ ቀኙ አዛውሮ ነው። እናቱ በልጅነቱ ግራ እጁን በጋለ ማንኪያ እየተኮሰች አስተምራዋለች፤ ጠባሳውን ታኩ አይታዋለች።

«ቆይ... ለሰው ሲሰጥ እኮ በቀኙ ነው» አለች። የሰማት የለም፤ ሁሉም ወጥተዋል።

ሲይዙት ተሽከርካሪዎቹን እየሰበሰበ ነበር። ደበደቡትና በመንደሩ አለቃ በጭቃ ሹሙ ጎተራ ውስጥ አሰሩት። «ልጁን የት ጣልከው?» ሲሉት «የማን ልጅ?» አለ። መልስ ሆኖ ሳለ ድፍረት መሰላቸውና እንደገና ደበደቡት። ወንዶቹ ግን አንድ ነገር ከነከናቸው፤ ራሳቸውን ሲያዩ የሥዕሉን ጥግ አንዳቸውም አላዩትም። ጭቃ ሹሙ ፂሙን እየጠቀለለ ፈረደ።

«ነገ ማታ ሁላችንም በዓይናችን እናየዋለን። እሱንም አምጥተን ፊት ለፊት እናስቀምጠዋለን፣ ራሱን ይይ። ግራ ከሆነ... ፖሊሱ ከከተማ እስኪመጣ የሚያስጠብቀን ነገር የለም።»

በማግስቱ ጀንበር ስታዘቀዝቅ ታኩ ለሳዱ የማሽላ ቂጣና ሽንኩርት ይዛለት ወደ ድንኳኑ ሄደች። ገና ሰው አልገባም። ማንም ስለሌለ በወንዶቹ በር ገባች። ሳዱ መብራቱን ሊሞክር ፊልሙን እያዞረ ነበር፤ ያ ጥግ፣ ያ ሰውዬ፣ ያ ልጅ አቡጀዲው ላይ አለፉ።

«ሳዱ! ምን አደረግከው? ቀኝ ሆነ እኮ!»

«ምኑ?»

«እጁ! ትናንት ግራ ነበር!»

ሳዱ ማዞሩን ተወና መብራቱን ከለለ። «እትዬ፣ ትናንት አንቺ ከኋላ ነበርሽ። ከኋላ ሁሉም ነገር ተገልብጦ ነው የሚታየው። መስተዋት ስታዪ ቀኝሽ ግራ ይሆን የለ?»

«ስድስት ዓመት ሙሉ?»

«ስድስት ዓመት ሙሉ። ምን ለውጥ አለው? አማቲቱ በቀኟ መረዘች በግራዋ፣ ልጅቷ እንደሆነ መሞቷ ነው።»

ታኩ መሬት ላይ ዘጭ አለች። የቤተ መቅደሱ ነገር ትዝ አላት። ቤተ መቅደሱ ከወንዙ ደረጃ በስተቀኝ ነው፤ ትናንት ግን ሥዕሉ ላይ በስተግራ ነበር። አይታዋለች። እየዞሩ ስለሚያድሩ የአገሩ ሁሉ አቀማመጥ ይምታታባታልና «የኔ ነገር» ብላ አልፋዋለች።

«ያ ሰው የታሰረው በእኔ አፍ ነው» አለች። «ተነሥ፣ አሁኑኑ ሄደህ ለጭቃ ሹሙ ንገረው።»

«አሁን ማን ይሰማኛል እትዬ? ሰዉ እንደሆነ አብዷል። ትንሽ ጠብቂ። ማታ ሁሉም ከፊት ተቀምጠው ቀኝ መሆኑን ያያሉ። ከራሳቸው ዓይን በላይ ምን ምስክር ይፈልጋሉ?»

ነገሩ ልክ ነበር። ታኩም አመነችው፤ አዝላ ያሳደገችው ልጅ ነው። ይህን ሲል ግን ቂጣውን እንጂ እሷን አላየም፤ ቂጣውንም አልበላውም።

ማታ ድንኳኑ ጢም አለ። ከዴቭዶህ ብቻ አይደለም፣ ወንዝ ማዶ ካሉ መንደሮች ሁሉ ጋሪ እየጫኑ መጡ። ዳግዱን እጁን የፊጥኝ አስረው አመጡና ከአቡጀዲው ሥር አስቀመጡት። ታኩ በጨርቁ ማዶ ሲያስል ትሰማዋለች፤ መሃላቸው ያለው አንድ እርጥብ አቡጀዲ ብቻ ነው። «አይዞህ» አለችው በሹክሹክታ። «ትንሽ ቆይ፣ አሁን ያያሉ።» ይስማት አይስማት አላወቀችም።

ማሽኑ መሽከርከር ጀመረ። ወንዙ ወጣ፣ ሰው ወጣ። የዚያን ዕለት ማታ «ያ እኔ ነኝ» ያለ አልነበረም። ይህ ሁሉ ወንድ አንድ ጥግ ላይ ብቻ ዓይኑን ተክሏል። ልጁ መጣ፣ ሰውዬው ጎንበስ አለ።

«ቀኝ!» አለች እማማ ባያጃ። «ምነው ልጆች፣ ዛሬ ቀኝ ሆነሳ?»

ሴቶቹ አጉረመረሙ። ታኩ ግን ወዲያው ገባት። እሷ ከኋላ ናት። ከኋላ ግራ ሆኖ ነበር መታየት ያለበት፣ እንደ ትናንቱ። ከኋላ ቀኝ ከሆነ ከፊት ግራ ነው ማለት ነው። ቤተ መቅደሱም ለእሷ ዛሬ በትክክለኛ ቦታው ቆሟል፤ እንግዲህ ለወንዶቹ ነው የዞረው። ሳዱ ፊልሙን ገልብጦ አስገብቶታል። ሰውን ሲያስቅበት በኖረው እጁ!

ከማዶ ጩኸቱ ፈነዳ። «ግራ ነው! ግራ! አያችሁት?»

«አይደለም!» አለች ታኩ። «ተገልብጧል! አይደለም!» ድምፅዋ የለመደው የሴቶቹን ጩኸት መምራት ነው፤ የዚያን ሁሉ ወንድ ጩኸት አልፎ የትም አልደረሰም። እሷ ስትጮህ ሥዕሉም ወደኋላ ዞረ፣ ወደፊት ዞረ፣ ደግሞ ወደኋላ፤ «ድገመው! ድገመው!» እያሉ ነበር። ገመድ የምትቆርጥበትን ቢላዋ አነሣችና አቡጀዲውን ከላይ እስከ ታች ሰንጥቃው ወጣች።

ከማሽኑ የሚመጣው ብርሃን ዓይኗን መታት። ፀጉሯ ተገልጧል፣ ልብሷ ረጥቧል፣ በወንዶቹ መሃል ቆማለች። ለአንድ አፍታ ዴቭዶህ በሙሉ እሷን ሰማት።

«ሰዎች! ሥዕሉ ተገልብጧል! ሰውዬው የሰጠው በቀኙ ነው። ትናንት ግራ ያልኩት እኔ ነኝ፣ ከኋላ ሆኜ ተሳስቼ ነው። ካላመናችሁ ቤተ መቅደሱን እዩት! ከደረጃው በስተቀኝ አይደል ያለው? ሥዕሉ ላይ በየት በኩል ነው?»

ሰው ሁሉ ቀና ብሎ ወደ አቡጀዲው አየ። አቡጀዲው ለሁለት ተሰንጥቆ እየተወዛወዘ ነው፤ ላዩ ላይ ቤተ መቅደስም ሰውም የለም፣ የሚርገበገብ ብርሃን ብቻ ነው። ልትሰማ ብላ ማስረጃዋን በገዛ እጇ ቀደደችው። ወይ አለመታደል!

ጭቃ ሹሙ ወደ ማሽኑ ዞረ። «ሳዱ! እህትህ የምትለው እውነት ነው?»

«ሳዱዬ» አለች ታኩ። «ንገራቸው።»

ሳዱ የግንባሩን ላብ በእጅጌው ጠረገ።

«ጌታዬ... እህቴ ባሏ ከሞተ ወዲህ ጨለማ ውስጥ ብዙ ተቀምጣለች። አልፎ አልፎ ትንሽ ይነካካታል።»

«እኛም አይተናል!» አለች እማማ ባያጃ በቀዳዳው በኩል። «ዛሬ ቀኝ ነበር!»

«ትናንት ግራ አላችሁ፣ ዛሬ ቀኝ ትላላችሁ። የሴት ነገር!» አለ አንዱ፣ አንዳንዶችም ሳቁ። ሰውዬውን ያሰሩት በነዚሁ ሴቶች ቃል መሆኑን ያስታወሰ አልነበረም።

ራጎ ከፊተኛው ረድፍ ተነሣ። ልጁ የጠፋበት አባት ሲነሣ ሌላውም ሁሉ ተነሣ። ታኩ ዳግዱ ላይ ወድቃ ልትሸፍነው ሞከረች፤ ሁለት ሰዎች ብብቷን ይዘው እንደ ልጅ አንሥተው ወደ ሴቶቹ በኩል ወረወሯት። መብራቱን ማን እንዳጠፋው እስከ ዛሬ አይታወቅም። ዳግዱ «እትዬ» ሲል ሰማችው፣ አንዴ ብቻ።

ሳዱ ሲነጋጋ መጥቶ አጠገቧ ቁጢጥ አለ። «ለአንቺ ብዬ ነው። ቀኝ ቢያዩ ኖሮ ‹ማን ነው ግራ ያለው?› ብለው ወደ አንቺ ነበር የሚመጡት። ድንኳኑን በላያችን ያቃጥሉት ነበር። አላየሻቸውም እንዴ?» ክፋቱ፣ ያለው ነገር እውነት ሊሆን ይችላል፤ እሱ ሳይነግራትም ሌሊቱን ሙሉ ታኩን ያሰቃያት ይኸው ነበር።

ረፋድ ላይ ከወንዙ ላይኛው መንደር የበሬ ጋሪ መጣ። የሚነዳው የሶኑ እናት የየሱ ወንድም ካሺራም ነው፤ ጭኑ ላይ ሶኑ ተቀምጦ ሸንኮራ ይመጥጣል።

«ምነው? ማን ሞቶባችሁ ነው?» አለ ካሺራም የሰዉን ፊት አይቶ። «ልጁን እኔ ጋ ወስጄው ነበር እኮ። ከራጎ ጋር እንደሆነ አንነጋገርም፤ ለእህቴ እንዲነግርልኝ አምባር ሻጩን ልኬው ነበር። አልነገራችሁም?»

አምባር ሻጩ ለካ ሰክሮ ከበዓሉ ጀምሮ ጋሪ ሥር ተኝቷል። የእናት ወንድም የእህቱን ልጅ ወስዶ ሦስት ሌሊት ቢያሳድር ምን ነውር አለው? ሰው ጠይቆ አያውቅም። እናቱ ልጇን ነጥቃ ወደ ቤት ሮጠች። ራጎ ግን መሬት ላይ ቁጭ ብሎ እጆቹን ያይ ጀመር። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል፤ ለዳግዱ የሚያድርበት ጊዜ አልሰጡትም እንጂ።

ከሰዓት በኋላ የፖሊስ ሹሙ ከጸሐፊው ጋር ደረሰ። የዳግዱ ሬሳ በአቡጀዲ ተሸፍኖ ዛፍ ሥር ተኝቷል፣ ሚስቱ ከአጠገቡ ተቀምጣለች፤ ሰዉ ዙሪያውን ቆሟል።

«በሬ ነው የረገጠው» አለ ጭቃ ሹሙ። «የበዓል በሬ ደንብሮ።»

«ድንኳን ውስጥ ነው የሞተው ይባላል» አለ የፖሊስ ሹሙ።

«እኔ እንኳ አልነበርኩም።»

«አንተስ?»

«እኔ ጌታዬ? ሆዴን አሞኝ በጊዜ ተኛሁ።»

«አንተስ?» «ማዶ ነበርኩ።» «አንተስ?» «ባዮስኮፕ አልወድም።» ያ ሁሉ ሕዝብ ድንኳኑ ውስጥ አልነበረም። የፖሊስ ሹሙ ሰለቸው፣ ለጸሐፊው ደብተሩን እንዲዘጋ በአገጩ ጠቆመው።

ሳዱ ማሽኑን ጋሪ ላይ እየጫነ ነበር። ታኩ ከዕቃዎቹ መሃል አንዱን የፊልም ቆርቆሮ አንሥታ ስትሄድ አያት።

«እትዬ! የት ነው? እትዬ፣ እባክሽ!»

አልዞረችም። ሰዉን እየገፋች ገባችና ቆርቆሮውን በፖሊስ ሹሙ እግር ሥር አስቀመጠችው።

«እኔ ነበርኩ» አለች። «ይህን ወደ ፀሐይ ያዙትና ቤተ መቅደሱን በቦታው አድርጋችሁ እዩት፤ የሰውዬው እጅ ቀኝ ነው። ግራ ነው ብዬ መጀመሪያ የጮህኩት እኔ ነኝ።»

ጸሐፊው ደብተሩን መልሶ ከፈተ። የዳግዱ ሚስት ቀና ብላ አየቻት።

«ከአንቺ ሌላ ማን ነበር?» አላት የፖሊስ ሹሙ።

ሰዉ ወደኋላ ማፈግፈግ ጀመረ። ታኩ ግን የብዙዎቹን ፊት በዚያ ብርሃን አይታዋለች፣ ስማቸውንም በየማታው ራሳቸው እየጮሁ አስጠንተዋታል። ወደ ጋሪው ዞረች። ሳዱ ገመዱን በእጁ እንደያዘ ቆሟል፣ ራሱን ግራና ቀኝ እየነቀነቀ ይለምናታል። ዓይኗ እንባ ሞላ።

«ሁሉንም እነግራችኋለሁ» አለች። «ከወንድሜ ጀምራችሁ ጻፉ።»